አንድ ሌሊት ያደሩበት፣ አንድ ዓመት የሚያልፍበት ዋሻ፦ ለልብ ወለዴ ሐሳብ ስጡኝ

ወይናደጋ · እሑድ ማታ 2፡40

ሰላም ለዚህ ቤት። ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው፣ እና አንድ ቦታ ላይ ቆሜያለሁ። ታሪኩ የሚሆነው ሰሜን ተራሮች ውስጥ ነው። ዋናው ነገር አንድ ዋሻ ነው። እኔ የፈጠርኩት ስለሆነ ካርታ ላይ አትፈልጉት። የአገሩ ሰው «አዳር ዋሻ» ይለዋል። ውስጡ አንድ ሌሊት ያደረ ሰው ሲወጣ ውጭ አንድ ዓመት አልፏል። እሱ ላይ ግን ያለፈው አንድ ሌሊት ብቻ ነው። ጥፍሩ እንኳ አላደገም።

ባለታሪኬ የ13 ዓመት ልጅ ነው፣ ፍየል ጠባቂ። በረዶ ሲወርድበት ሮጦ ይገባል። ደክሞታል፣ እዚያው ይተኛል። ጠዋት ወደ መንደሩ ሲወርድ እናቱ የእሱን ሙት ዓመት እያወጣች ነው። መጽሐፉ የሚነሳው ከዚህ ትዕይንት ነው፣ ይሄን አልለቅም።

የምፈልገው ዋሻው ሕግ እንዲኖረው ነው። ለአንባቢው ሁሉንም ባልነግረውም እኔ ማወቅ አለብኝ። ውስጥ ሆኖ ወደ ውጭ ያየ ሰው ምን ያያል? ከውጭ ቢጣሩ ይሰማል? ደግሞ አንድ ዓመት አነሰ ወይ? ጓደኞቼ «መቶ ዓመት አድርጊው» ይሉኛል። አገሩን የምታውቁ፣ ሳይንሱን የምታውቁ፣ የሃይማኖቱን ታሪክ የምታውቁ ጻፉልኝ። ረዥም ቢሆንም አነባለሁ።


ሰሜነኛ · እሑድ ማታ 3፡25

ደባርቅ ነው ያደግኩት። መጀመሪያ የድንጋዩን ነገር ልንገርሽ። የሰሜን ተራራ ባዛልት ነው። ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት የፈሰሰ ላቫ በላይ በላዩ ተደራርቦ የሠራው ነው። ባዛልትን ውኃ እንደ ኖራ ድንጋይ አያሟሟውም፣ ስለዚህ ብዙ ኪሎ ሜትር የሚሄድ ዋሻ አትጠብቂ። ያለው የገደል ጥግ ነው። ከላይ ጣራ አለው፣ ከፊቱ ክፍት ነው፣ እረኛ ዝናብ ይጠለልበታል። አንቺ ግን ጥልቅ ነገር ነው የፈለግሽው። እንግዲያው በሁለት የላቫ ንጣፍ መካከል ያለው ቀይ አፈር ተሸርሽሮ የገባ ጠባብ ስንጥቅ አድርጊው። አገሩን የሚያውቅ ሰው ሲያነበው ያምናል።

ቦታው ከጨነቀሽ ወደ ቧሂት ተራራ በሚያወጣው በኩል ብታደርጊው ደስ ይለኛል። ቧሂት 4,430 ሜትር ነው። እዚያ በክረምት በረዶ ሲጥል መሬቱ ነጭ ይሆናል፣ ልጅ ቀርቶ አዋቂም ይሸሻል።

ጅብራን ግን እንዳትረሺ። ጅብራ ለብዙ ዓመት ቅጠል ብቻ ሆኖ ይኖራል፣ ከዚያ በዕድሜው አንድ ጊዜ ከሰው ቁመት የሚበልጥ የአበባ ዘንግ ያወጣል፣ አብቦም ይሞታል። ልጁ ሲገባ በዋሻው አፍ ላይ ገና ዘንግ ያላወጣ ጅብራ ይኑር። ሲወጣ አብቦ የደረቀውን ግንድ ያግኝ። በአንድ ሌሊት የማይሆን መሆኑን የዚያ አገር እረኛ ማንም ሳይነግረው ያውቃል። እናቱ ቤት ሳይደርስ አንድ ነገር እንደተበላሸ እዚያው ይግባው።


የፊዚክስ_መምህር · ሰኞ ጠዋት 1፡10

ወይናደጋ፣ ከእውነተኛው ልጀምርልሽ። ጊዜ በየቦታው እኩል አይሄድም። ይሄ በሰዓት የተለካ ነገር ነው። ወደ ምድር ሆድ በቀረብሽ መጠን ሰዓት ይዘገያል፣ ወደ ላይ በወጣሽ መጠን ይፈጥናል። አንስታይን ካለው በኋላ እ.ኤ.አ. በ1960 ሃርቫርድ ውስጥ 22.5 ሜትር ከፍታ ላይ ተፈትኖ ታየ። በ2010 ደግሞ አሜሪካ ቦልደር ውስጥ ሁለት የአቶም ሰዓቶችን አንዱን ከሌላው በ33 ሴንቲሜትር ብቻ ከፍ አድርገው ልዩነቱን ለኩት። ደረጃ አንድ እግር መውጣት ማለት ነው! ስልካችን ቦታችንን የሚያውቅባቸው የጂፒኤስ ሳተላይቶች ሰዓታቸው ከምድሩ በቀን 38 ማይክሮ ሰከንድ ይፈጥናል። ባይታረም ካርታው በአንድ ቀን ከ10 ኪሎ ሜትር በላይ ይሳሳት ነበር።

ለእኛ አገር አስልቼዋለሁ። ራስ ደጀን 4,550 ሜትር ገደማ ነው፣ ዳሎል አካባቢ ደግሞ ከባሕር ጠለል በታች 125 ሜትር ገደማ። መንትዮች ብንወስድና አንዱ ራስ ደጀን፣ ሌላው ዳሎል ቢኖር፣ የላይኛው በዓመት በ16 ማይክሮ ሰከንድ ይበልጣል። በ70 ዓመት አንድ ሚሊ ሰከንድ ገደማ ነው። ዓይን ለመርገብገብ እንኳ አይበቃም፣ ግን አለ። የዴንማርክ ፊዚሲስቶች በ2016 እንዳሰሉት ደግሞ የምድር እምብርት ከገጽዋ በሁለት ዓመት ተኩል ገደማ በዕድሜ ታንሳለች። እንግዲህ ጊዜን የሚያዘገይ ቦታ ከፈለግሽ አቅጣጫው ወደ ታች ነው። ስንጥቁ ወደ ተራራው ሆድ ቁልቁል ይውረድ።

አሁን ወደ አንቺ ሕግ። 12 ሰዓት ውስጥ አንድ ዓመት ውጭ ከሆነ፣ ጊዜ 730 ጊዜ ያህል ዘግይቷል። ይሄን በስበት ልታመጪው ብትዪ ምድርን በሙሉ ወደ ሁለት ሴንቲሜትር የማትሞላ ጠጠር መጭመቅ አለብሽ፣ ከዚያ ልጁ ጠርዟ ላይ ሊቆም ነው። ስለዚህ በስበት አትሞክሪው። ምክንያቱን ተዪው፣ ሕጉን ግን ያዢው። ሕጉን ከያዝሽ የሚከተለው ሁሉ ይቆጠራል፦ ውስጥ አንድ ሰከንድ ውጭ 12 ደቂቃ ነው። ውስጥ አንድ ደቂቃ ውጭ ግማሽ ቀን ነው። ውስጥ አንድ ሰዓት ውጭ አንድ ወር ነው። ልጁ ነቅቶ ወደ አፉ ቢመለከት ፀሐይ ወጥታ እስክትገባ አንድ ደቂቃ ነው፣ ሌሊቱም አንድ ደቂቃ። ከሰኔ እስከ ነሐሴ ያለው ክረምት በሦስት ሰዓት ያልቃል።

ከውጭ የሚያየው ሰው ደግሞ የሚያየው የማይንቀሳቀስ ልጅ ነው። አንድ ጊዜ ተንፍሶ እስኪደግም ውጭ አንድ ሰዓት ሊሞላ ትንሽ ይቀረዋል። ሞቷል ብለው ቢደመድሙ አይፈረድባቸውም።

ድምፅ አይሆንም። ከውጭ «ልጄ!» ብላ ብትጣራ ድምፁ 730 ጊዜ ቀጥኖ ነው የሚደርሰው፣ የሰው ጆሮ አይሰማውም። ነጎድጓድ ብቻ፣ ያውም ዝቅተኛው ጉርምርምታ፣ እንደ ቀጭን ጠቅታ ሊደርሰው ይችላል። ብርሃንም ያው ነው፣ ችግሩ ግን ይብሳል። የብርሃን ሞገድ 730 ጊዜ ሲጠብብ ራጅ ይሆናል። ልጁ የቀን ብርሃን እያየ ካደረ ጠዋት አይነሳም። ስለዚህ መፍትሔው ሰሜነኛ ያለው ስንጥቅ ነው። መታጠፊያ ይኑረው። ብርሃን እስከ መታጠፊያው ይምጣና ይቁም። እንዲህ ከሆነ ማንም ከውጭ አያየውም፣ እሱም ምንም አያይም።

አንድ የመጨረሻ ነገር። ድንበሩ እንደ ቢላ ስለት መሆን የለበትም። እጁን ብቻ ቢያስገባ ልቡ የሚገፋው ደም እጁ ጋ ሲደርስ ይቆማል። ጊዜው በጥቂት ሜትሮች ውስጥ ቀስ እያለ ይቀዝቅዝ።


ወይናደጋ · ሰኞ ጠዋት 3፡05

መምህር፣ እግዜር ይስጥልኝ። የነጎድጓዱ ጠቅታ ምዕራፍ ሁለት ውስጥ ገብቷል። መታጠፊያውም ገብቷል። እርስዎ «ከሰኔ እስከ ነሐሴ በሦስት ሰዓት ያልቃል» ያሉትን ሳነብ ተነስቼ ቆምኩ።

ሰሜነኛ፣ ጅብራው የመጀመሪያው ገጽ ላይ ነው። አንድ ነገር ልጠይቅህ፣ በበረዶ ጊዜ እረኞች ፍየሉን ጥለው ይሮጣሉ ወይስ አብረው ያስገባሉ?


ሰሜነኛ · ሰኞ ጠዋት 3፡30

ፍየል ራሷ ትገባለች። አንቺ ሳትደርሺ እሷ ጥጉ ውስጥ ናት። ሁሉም ግን አይገቡም፣ አንዳንዶቹ ገደል ላይ ይቀራሉ።


ባሌ_ሮቤ · ሰኞ ከሰዓት 8፡50

አሰላሙ ዓለይኩም፣ ሰላም ለሁላችሁ። ጥልቅ ዋሻ ከተባለ የእኛው ሶፍ ዑመር አለ። 15 ኪሎ ሜትር ያህል ይሄዳል፣ የዌብ ወንዝ ነው የቦረቦረው፣ የኖራ ድንጋይ ነው። በትውፊት ሼኽ ሶፍ ዑመር ተጠልለውበታል። ታሪክሽን ወደ ባሌ አምጪው ማለቴ አይደለም፣ ሰሜን ይሁን። ግን የብርሃኑን ነገር ሳነብ ዝም ማለት አልቻልኩም።

ቁርኣን ውስጥ በአል-ከህፍ ምዕራፍ የዋሻው ባልደረቦች ታሪክ አለ። 300 ዓመት ቆዩ፣ ዘጠኝም ጨመሩ ይላል። ሦስት መቶ የፀሐይ ዓመት በጨረቃ ሲቆጠር 309 ገደማ መሆኑን ልብ በሉ። ፀሐይ ስትወጣ ከዋሻቸው ወደ ቀኝ ታዘነብላለች፣ ስትገባ ወደ ግራ ትተዋቸዋለች። እነሱ ሰፊው ቦታ ላይ ሆነው ፀሐይ አትነካቸውም። መምህሩ በስሌት የደረሱበት መታጠፊያ ይሄው ነው። ውሻቸውም ደፍ ላይ ክንዶቹን ዘርግቷል። ሲነቁ «ምን ያህል ቆየን?» ተባባሉ፣ «አንድ ቀን ወይም የቀን ከፊል» አሉ። ከዚያ አንዱን ብር አስይዘው ምግብ ሊገዛ ወደ ከተማ ላኩት።

እኔ ከዚህ የምወስድልሽ አንድ ነገር ነው። ከዋሻ የወጣ ሰው መጀመሪያ የሚያደርገው ታላቅ ነገር አይደለም። ይርበዋል። ልጅሽም ይራበው።


የዜማ_ተማሪ · ሰኞ ማታ 1፡15

ባሌ ሮቤ፣ እኛም ጋ አለ። ሰባቱ ደቂቅ በስንክሳር ይታወሳሉ። ሌላም አለ፣ አቤሜሌክ። ኤርምያስ በለስ እንዲያመጣ ላከው፣ ከዛፍ ጥላ ሥር አረፍ አለ፣ 66 ዓመት ተኛ። ሲነቃ እንቅልፉን ያልጠገበ መሰለው። በለሱን ቢያየው ገና ትኩስ ነው። ከተማው ሲገባ ግን ቤቱን አላወቀውም፣ ዘመዶቹን አላገኘም፣ መንገድ የሳተ መሰለው። የነገረው አንድ ሽማግሌ ነው።

እዚህ አንዳንድ ሰው «የቅዱሳንን ታሪክ ልብ ወለድ ውስጥ አታስገቡ» ሊል ይችላል። እኔም በዚህ እስማማለሁ፣ ልጁን አቤሜሌክ አታድርጊው። ግን የመንደሩ ሰው ይሄን ታሪክ እያወቀ ነው የሚኖረው። ልጁ ሲመለስ ቄሱ መጀመሪያ የሚያስቡት ይሄን ነው። አንዱ «መንፈስ ነው» ሲል፣ ሌላው «እንደ አቤሜሌክ ተኝቶ ነው» ይላል። መንደሩ በዚህ ይከፈል። የእኛ ሰው ለእንዲህ ዓይነት ነገር ቋንቋ አለው፣ ባዶ እጁን አይደለም።


ገደል_ማሚቶ · ሰኞ ማታ 2፡00

ሁላችሁም ዙሪያውን ነው የምትሄዱት። አንድ ዓመት ያንሳል። በአንድ ዓመት ምን ይለወጣል? ልጁ ይመለሳል፣ እናቱ አለች፣ ቤቱ አለ፣ ያለቅሳሉ፣ አለቀ። አቤሜሌክ 66፣ እነዚያ 309። ትልቅ ነገር ከፈለግሽ ዘመን ይለወጥ።


ወይናደጋ · ሰኞ ማታ 2፡35

ገደል ማሚቶ፣ ይሄን ነበር የፈራሁት። ግን መቶ ዓመት ካደረግኩት የሚጠብቀው ሰው የለም። ሁሉም ሞቷል፣ ልጁ እንግዳ ነው። እኔን የያዘኝ ደግሞ የሚጠብቁት ናቸው። እናት ለሙት ዓመቱ ተበድራ ጤፍ ገዝታ፣ ጠላ ጠምቃ፣ እንግዳ ጠርታ፣ ልጁ ራሱ በበሩ ሲገባ። ይሄ በመቶ ዓመት አይሆንም።


ባሕረ_ሐሳብ · ሰኞ ሌሊት 5፡20

እህቴ፣ አንድ ዓመት ያንሳል ወይ ለሚለው መልሱ የትኛው ዓመት የሚለው ላይ ነው። ቁጭ ብዬ ቆጠርኩልሽ፣ እና ያገኘሁትን ሳይ እጄ ተንቀጠቀጠ።

ልጁ ጳጉሜን 5 ቀን 1966 ዓ.ም. ማታ 12 ሰዓት ይግባ። ማክሰኞ ነው። የዓመቱ የመጨረሻ ቀን ነው፣ ነገ እንቁጣጣሽ ነው። ጃንሆይ ዙፋን ላይ ናቸው። በሁለተኛው ቀን፣ መስከረም 2 ቀን 1967፣ ወረዱ፣ ከቤተ መንግሥት በቮልስዋገን ተወሰዱ። በታኅሣሥ ወደ 60,000 ገደማ ተማሪና መምህር ለእድገት በኅብረት ዘመቻ ወደ ገጠር መውጣት ጀመረ። የካቲት 25 የገጠር መሬት አዋጅ ታወጀ። ነሐሴ 21 ቀን 1967 ንጉሡ አረፉ። ይሄ ሁሉ ልጁ ተኝቶ ነው።

አሁን አወጣጡን ተመልከቺ። 1967 ዘመነ ሉቃስ ነው፣ ጳጉሜን ስድስት ቀን አላት። ከጳጉሜን 5 ማታ 12 ሰዓት ሦስት መቶ ስልሳ አምስት ቀን ተኩል ብትቆጥሪ የሚያርፈው ጳጉሜን 6 ቀን 1967 ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ነው። ልጁ እኮ እንቁጣጣሽ ነው ብሎ ነው የሚወጣው! አበባ ይዘው የሚዞሩ ልጆች ይፈልጋል። የሉም። «እንቁጣጣሽ ነገ ነው» ይሉታል። እሱ በልቡ አንድ ቀን ነው የተሳሳተው የሚመስለው።

ሌላም አለ። እሱ ማክሰኞ ነው የገባው፣ ስለዚህ ዛሬ ረቡዕ ነው ብሎ ያስባል፣ ጾም ነው። ጳጉሜን 6 ቀን 1967 ግን ሐሙስ ነው። ሙት ዓመቱ የሚውለው ጳጉሜን 5 ላይ ነበር፣ እሱ ደግሞ ረቡዕ ሆነ። እናቱ በጾም ቀን ሥጋ ማብላት ስለማትችል ድግሱን ወደ ሐሙስ አዛወረችው። ልጁ በሩ ላይ ሲደርስ የሚያየው ቄሱን ጨምሮ መንደሩ በሙሉ በረቡዕ ሥጋ ሲበላ ነው። ከጅብራው በላይ፣ ከበረዶው በላይ፣ የሚያስደነግጠው ይሄ ነው።

ይሄን እኔ አልፈጠርኩትም። ቀኖቹ ራሳቸው እንዲህ ናቸው።


ወይናደጋ · ሰኞ ሌሊት 5፡50

ምን ልበልህ። ደጋግሜ ቆጠርኩት፣ ልክ ነው። ታሪኩ ዘመን አልነበረውም፣ አሁን ዘመን አገኘ። ማልቀሴን አልደብቅህም።


ሰሜነኛ · ማክሰኞ ጠዋት 1፡40

አንድ ማስተካከያ፣ ስለ መሬቱ። በእኛ በኩል የነበረው በአብዛኛው ርስት ነው። አዋጁ እንደ ደቡቡ ጭሰኛን ከባላባት ነፃ ያወጣ ተብሎ ብቻ አይጻፍ። ርስቱን የሚወድ ገበሬ «መሬት የመንግሥት ሆነ» ሲባል ተጨንቋል። እናትየው ደግሞ ልጇ ጠፍቷል፣ ወራሽ የላትም። ጎረቤት ዓይኑን መሬቷ ላይ ጥሏል። እዚህ ላይ ጊዜ ስጪው።

ልጁ ሰው ሲሸሸው ምን እንደሚል ታውቂያለሽ? «ኃይለ ሥላሴ ይሙት! ቁሙ!» ነው የሚለው። በዚያ ዘመን ሰው በዚህ መሐላ ይቆም ነበር። አሁን ግን ንጉሡ ከሞቱ ሁለት ሳምንት አልፏል፣ ወሬው በሬዲዮ ደርሷል። ልጁ ይሄን ሲጮህ የሁሉም ደም ቀጥ ይላል።


ጠበቃ_ነኝ · ማክሰኞ ረፋድ 4፡30

በሕጉ በኩል ልጨምር። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ያኔ በሥራ ላይ ነው። ጠፍቶ ሁለት ዓመት ወሬው ያልተሰማ ሰው ላይ ጥቅም ያለው ወገን ፍርድ ቤት ሄዶ የመጥፋት ውሳኔ ሊጠይቅ ይችላል። ልጁ የቆየው አንድ ዓመት ነው። ስለዚህ በቤተ ክርስቲያን ፍትሐቱ ተፈትቷል፣ በመንደሩ ሙት ዓመቱ ወጥቷል፣ በሕግ ግን በሕይወት አለ። ሁለት ሌሊት ቢያድር ኖሮ ነገሩ ሌላ ነበር። አንድ ሌሊት ማድረግሽ በዚህም በኩል ትክክል ነው።


ጨለማ_ጥናት · ማክሰኞ ከሰዓት 9፡15

ሥነ ልቦና ነው የማጠናው። ልጁ አንድ ሌሊት እንዳደረ በምን ያውቃል? ይሄን አስቢበት። እ.ኤ.አ. በ1962 ሚሼል ሲፍር የሚባል ፈረንሳዊ ያለ ሰዓት ለሁለት ወር ዋሻ ውስጥ ኖረ። መስከረም 14 በፈረንጅ ሲያወጡት እሱ ነሐሴ 20 ነው ብሎ ነበር። 25 ቀን ጎደለበት። እስከ 120 በየሰከንዱ ቁጠር ሲሉት አምስት ደቂቃ ፈጀ። በ2021 ደግሞ ፈረንሳይ ውስጥ 15 ሰዎች ለ40 ቀን ሎምብሪቭ ዋሻ ውስጥ ያለ ሰዓት ኖሩ፣ አብዛኞቹ 30 ቀን ገደማ የቆዩ መሰላቸው። ፀሐይ በሌለበት ሰው ጊዜውን አሳንሶ ይቆጥራል።

እንግዲህ ባለታሪክሽ ላይ ሁለት ነገር ተደራርቧል፣ የዋሻውና የራሱ። ከመታጠፊያው በስተ ኋላ ድቅድቅ ጨለማ ነው። ቢነቃ መንጋቱን አያውቅም። «ትንሽ ልተኛ» ብሎ አንድ ሰዓት ቢጨምር ውጭ አንድ ወር ነው። ባሕረ ሐሳብ ያለው ጠዋት 12 ሰዓት ላይ እንዲወጣ የሚቀሰቅሰው ነገር ያስፈልግሻል።


ወይናደጋ · ማክሰኞ ከሰዓት 9፡40

ፍየሏ ትቀሰቅሰዋለች። የገባችው እናት ፍየል ጡቷ ሞልቷል፣ ግልገሏን ትጣራለች።


ባለጎተራ · ማክሰኞ ማታ 1፡05

እኔ ገበሬ ቤት ነው ያደግኩት፣ ሌላ ነገር ነው የታየኝ። እንዲህ ያለ ዋሻ መኖሩ ከታወቀ ሰው ለምን ይፈራዋል? እህል ያስገባበታል! በኅዳር ያጨድሽውን ገብስ ታስገቢያለሽ፣ በሚቀጥለው ኅዳር ስታወጪው አንድ ሌሊት ብቻ ነው ያደረው። ነቀዝ አይደርስበትም፣ አይጥ አይደርስበትም። ቅቤ አይበላሽም። ችግሩ ገብቶ የሚያወጣው ሰው ነው። ጆንያውን ለማንሳት ሁለት ደቂቃ ብትቆዪ አንድ ቀን ሙሉ ጠፋሽ። ስለዚህ በገመድ ነው የሚሆነው። ጆንያውን አስረሽ ቁልቁል ትለቂያለሽ፣ ከውጭ ሆነሽ ትጎትቻለሽ። የገመዱ ውስጠኛ ጫፍ ጉተታው እስኪሰማው ጊዜ ሊወስድ ይችላል፣ መምህሩ ያስሉት።

የታመመ ሰውም አለ። መድኃኒት ከጎንደር እስኪመጣ በሽተኛ ያስገባሉ። አንድ ሳምንት ውጭ፣ ውስጥ ሩብ ሰዓት አይሞላም። እኔ ብሆን የዚያን መንደር ሰው ሞኝ አላደርገውም። ከጥንት ጀምሮ የሚያውቁ ሁለት ሦስት ቤተሰቦች አሉ፣ ምስጢሩን ይዘውታል፣ እንደ 1977ቱ ረሃብ ባለ ክፉ ቀን እህላቸው አያልቅም። ልጁ ሳያውቅ የገባው በእነሱ ጎተራ ነው።


የፊዚክስ_መምህር · ማክሰኞ ማታ 2፡20

ባለጎተራ፣ አስበኸዋል! በገመዱ ላይ ግን ቀስ ብለህ ካልጎተትክ ይበጠሳል። ከውጭ አንድ ሜትር በሰከንድ ብትስበው ውስጥ ላለው ጫፍ ከጥይት ፍጥነት ጋር የሚወዳደር ነው። በቀን ጥቂት ክንድ እየሳቡ ለሳምንታት ይጎትቱት።


ከቤሩት_ተመላሽ · ማክሰኞ ሌሊት 4፡45

ሳይንሱን አላውቅም፣ ግን ዓመታት ቆይቼ ነው የተመለስኩት። ስሄድ የማዝላት ትንሽ እህቴ ስመለስ «እርስዎ» አለችኝ። ክፉ ልብ ኖሯት አይደለም፣ እንግዳ ስለሆንኩባት ነው። እናቴም ወዲያው አላቀፈችኝም። ቆማ አየችኝ፣ ፊቴን በእጇ ነካችው፣ ከዚያ ነው የጮኸችው።

የልጁን እናት አታስሮጪያት። የሞተ ልጇን በልቧ ቀብራዋለች፣ ከዚያ እንድትወጣ ጊዜ ስጫት። ትፍራው። የሚበላ ስጪው ትበል፣ መንፈስ አይበላምና ይታያል። ባሌ ሮቤ «ይራበው» ያለው እዚህ ይግባ። እሱ ደግሞ ረቡዕ ነው ብሎ ሥጋውን አልበላም ይላል። አይበላም! መንፈስ ነው ብለው ያለቀሱት ሰዎች ሲሸሹ ይታየኛል።


ወይናደጋ · ረቡዕ ጠዋት 2፡00

ይሄን ከማንበቤ በፊት ትዕይንቱ ሁለት ገጽ ነበር። አሁን ምዕራፍ ነው። ከቤሩት ተመላሽ፣ እህቴ፣ እንኳን በሰላም ተመለስሽ።


ገደል_ማሚቶ · ረቡዕ ጠዋት 2፡45

አንድ ዓመት ይሁን። ባሕረ ሐሳብ አሳምኖኛል። ግን አንድ የቀረ ጥያቄ አለ፣ ማንም አላነሳውም። ሰው ቢያምንም ባያምንም ማስረጃ ያስፈልጋል። ልጁ በአንድ ዓመት ብዙ አላደገም ቢባል፣ «የትም ተደብቆ ከርሞ ነው» ይላሉ። በምን ነው የሚረጋገጠው?


ሰሜነኛ · ረቡዕ ጠዋት 3፡10

በፍየሎቹ። መንታ ግልገል ይሁኑ። አንዷ ከእናቷ ጋር ዋሻ ገባች፣ አንዷ ገደል ላይ ቀርታ ጎረቤት አገኛትና አሳደጋት። ልጁ ሲመለስ የገባችው ገና ትጠባለች። ውጭ የቀረችው ግን አድጋ ወልዳለች። ጆሯቸው ላይ ያለው ምልክት አንድ ነው፣ መልካቸው አንድ ነው። ከብት የሚያውቅ መንደር ይሄን አይክድም።


ወይናደጋ · ረቡዕ ረፋድ 4፡00

ሰሜነኛ፣ ተባረክ። ይሄ ወደ ሌላ ነገር ወሰደኝ። ፍየሎቹ የእናትየው አይደሉም፣ የጎረቤት ናቸው፣ ልጁ ይጠብቅ የነበረው በእረኝነት ተቀጥሮ ነው። ፍየሎቹ ሲጠፉ ባለቤቱ ለካሳ የእናትየውን ላም ወስዷል። አሁን ፍየሎቹ ተመለሱ፣ ያውም አንዲት ቀን አላረጁም። ላሟ ደግሞ እሱ ቤት ጥጃ ወልዳለች። ላሟ መመለሷ አይቀርም። ጥጃው የማን ነው?


ጠበቃ_ነኝ · ረቡዕ ረፋድ 4፡25

በዚያ ጊዜና በዚያ ቦታ ጉዳዩ ሽማግሌ ፊት ነው የሚያልቀው። ሽማግሌዎቹ መጀመሪያ የሚጠይቁት ላሟ መቼ ተወሰደች፣ መቼ ወለደች የሚለውን ነው። ላም የምትይዘው ዘጠኝ ወር ነው። በመስከረም ተወስዳ በግንቦት ከወለደች ስትወሰድ ይዛ ነበር፣ ጥጃው የእናትየው ነው። በነሐሴ ከወለደች እሱ ቤት ነው ያስጠቃት፣ ይከራከራሉ፣ የመገባትን ያነሳል፣ እሷ ደግሞ የጠጣውን ወተት ታነሳለች። ወሩን ንገሪኝና እንቀጥላለን።


ወይናደጋ · ረቡዕ ረፋድ 4፡40

ነሐሴ አደርገዋለሁ። ይከራከሩ።